ብርሌውና ጠጁ፦ ደፋር አባባል ዕድሜው ለምን ይረዝማል?

ሽማግሌዎች ተቀምጠው ነገሩ ሲከር፣ ከመካከላቸው አንዱ አባት ጉሮሯቸውን ጠርገው አንድ ተረት ጣል ያደርጋሉ፤ «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር»። ግማሽ ቀን አልላላ ያለው ክርክር በአራት ቃል ይለዝባል። በሌላ ቀን፣ በሌላ ቤት ደግሞ አንዲት ልጅ ሐሳቧን ተናግራ ሳትጨርስ ሌላ አራት ቃል ትሰማለች፤ «ሴት ብታውቅ በወንድ ያልቅ»። ልጅቷ ዝም ትላለች።

ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጠን እንያቸው። አራት አራት ቃል ናቸው። ሁለቱም «ቢሆን» ብለው ይነሡና «ይሆናል» ብለው ያርፋሉ። ሁለቱም ቤት ይመታሉ። አንዱ ኅብረትን ያስተምራል፣ ሌላው የሕዝቡን ግማሽ አፍ ያስይዛል፤ የወጡት ግን ከአንድ ሻጋታ ነው። የአእምሮ ሳይንስ ስለ ደፋር አባባሎች የሚነግረን ትልቁ ቁም ነገርም ይኸው ነው። አባባልን ከትውልድ ትውልድ የሚያሻግረው አሠራሩ ነው፤ አሠራሩ ደግሞ የሚሸከመውን አይመርጥም።

ከመጠኑ እንጀምር። የሰማነውን ነገር ለጥቂት ቅጽበት ይዘን የምናገላብጥበት የአእምሮ ችሎታ ጠባብ ነው። አሜሪካዊው የሥነ ልቦና ምሁር ጆርጅ ሚለር እ.ኤ.አ. በ1956 ባሳተመው ዝነኛ ጽሑፍ አቅሙን ወደ 7 ነገሮች ገምቶት ነበር፤ በ2001 ኔልሰን ኮዋን የተከማቹትን ጥናቶች መርምሮ ግምቱን ወደ 4 አወረደው። የረጅም ማብራሪያ መጨረሻው ሲደርስ መጀመሪያው ፈስሶ ያልቃል። አጭር አባባል ግን ሳይፈስ በአንድ እፍኝ ይያዛል።

ማጠር ብቻውን ግን አይበቃም። የኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2012 ባወጡት ጥናት፣ ከ1000 ገደማ ፊልሞች ተመልካች የማይረሳቸውን ንግግሮች ለቅመው፣ ያው ገጸ ባሕርይ እዚያው አካባቢ ከተናገራቸው በርዝመት ከሚመሳሰሉ ተራ ንግግሮች ጋር አስተያዩአቸው። የማይረሱት ቃሎቻቸው ያልተጠበቁ፣ የዓረፍተ ነገር አገነባባቸው ግን የተለመደ ሆኖ ተገኘ። የድፍረት ምስጢር እዚህ ላይ ነው። ድርና አንበሳን አንድ ላይ ያሰበ ማን አለ? ዓረፍተ ነገሩ ግን ሕፃን ልጅ የሚናገረው ዓይነት ነው። ጆሮ በቃሉ ይደነግጣል፤ በአነጋገሩ ግን አይደናቀፍም።

ያው ጥናት ሌላም ነገር አሳየ። የማይረሱት ንግግሮች ከተነገሩበት ሁኔታ በቀላሉ የሚላቀቁ ናቸው፤ ሌላ ቦታ፣ ለሌላ ሰው ቢነገሩም ትርጉም ይሰጣሉ። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እ.ኤ.አ. በ1963 በተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ ፊት በአማርኛ ያደረጉትን ንግግር እናስታውስ። ዘረኝነት እስካልተወገደ ድረስ ሰላም እንደማይኖር፣ «እስካል» እያለ በሚመላለስ ሐረግ የተናገሩበት ክፍል የአንድ ስብሰባ ጉዳይ ሆኖ አልቀረም። በ1976 ጃማይካዊው ቦብ ማርሊ ቃሉን ብዙም ሳይለውጥ በዜማ ዘፈነው። የኒው ዮርኩ ጉባኤ ከተበተነ ከዓመታት በኋላ ንግግሩ በማያውቁት ሰዎች አፍ ላይ ይዞር ጀመር።

ቤት መምታትስ? እ.ኤ.አ. በ2000 የሥነ ልቦና ተመራማሪዎቹ ማቲው ማክግሎንና ጄሲካ ቶፊባክሽ አንድ ቀላል ፈተና አዘጋጁ። ተማሪዎቹ ሰምተዋቸው የማያውቁ፣ ቤት የሚመቱ የእንግሊዝኛ ምሳሌያዊ አባባሎችን መረጡ፤ ከዚያም ትርጉሙን ሳይነኩ አንድ ቃል እየለወጡ ቤት የማይመታ ግልባጭ ሠሩላቸው። የሰውን ጠባይ በትክክል ይገልጻል ወይ ተብለው ሲጠየቁ፣ ተማሪዎቹ ቤት ለሚመታው የላቀ ነጥብ ሰጡ። ሐሳቡ አንድ ነው፤ የተለየው ድምፁ ብቻ ነው። አንደበት ላይ የሚንሸራተት ነገር ለአእምሮም ይቀልለዋል፤ የቀለለንን ደግሞ እውነት ነው ብለን ለመቀበል እንቸኩላለን።

በዚህ ላይ ድግግሞሽ ይጨመርበታል። እ.ኤ.አ. በ1977 ሊን ሃሸርና ባልደረቦቿ ለሰዎች እውነትና ሐሰት የተቀላቀሉባቸውን መግለጫዎች በተለያዩ ሳምንታት አሰሟቸው። ደጋግመው የተሰሙት ሐሰት ቢሆኑም እንኳ እየዋለ እያደረ እውነት መሰሉ። ተረት በባሕርዩ ከልጅነት እስከ እርጅና የሚደጋገም ነው።

ከሁሉ የሚደንቀኝ ግን የመጨረሻው ነው፤ ጥሩ አባባል ሥራውን ለሰሚው ያካፍላል። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ ፓሜላ ኦብልና ጄፍሪ ፍራንክስ ለተሳታፊዎች «ጨርቁ ስለተቀደደ የጭድ ክምሩ አስፈላጊ ሆነ» የሚሉ ዓይነት ግራ የሚያጋቡ ዓረፍተ ነገሮችን አቀረቡ። ጥቂት ከቆዩ በኋላ መፍቻውን፣ «ፓራሹት» የሚለውን ቃል፣ ሰጧቸው። መጀመሪያ ተቸግረው ኋላ የገባቸውን፣ ገና ከመነሻው ግልጽ ከነበረው የተሻለ አስታወሱት። የቅኔ መምህራኖቻችን ይህን ያለ ቤተ ሙከራ ያውቁት ነበር። ሰሙን ባለቅኔው ያቀርባል፤ ወርቁን ፈልቅቆ የሚያወጣው አድማጩ ነው። ለፍቶ ያገኘውን ማን ይጥላል?

እንግዲህ ይህ ሁሉ ኃይል ለበጎውም ለክፉውም እኩል ይሠራል። መድኃኒት አለው? አለው፤ የሚገኘውም እዚያው የማክግሎን ጥናት ውስጥ ነው። ተሳታፊዎቹ የአባባሉን ውበት ከሐሳቡ ለይተው እንዲመዝኑ አስቀድሞ ሲነገራቸው፣ ቤት የመምታቱ ብልጫ ቀነሰ።

እኛም እንሞክረው። የመጀመሪያውን ልብሱን እናውልቅለት፤ «ደካሞች ቢተባበሩ ኃይለኛውን ይይዙታል»። ዜማው ሄደ፤ ሐሳቡ ግን ቆሟል። ገመድ የገመደ ሁሉ ምስክር ነው፤ በጣት የሚበጠስ ጭረት ተገምዶ በሬ ያስራል። ሁለተኛውንም እናውልቅለት፤ «ሴት አዋቂ ብትሆንም ነገሩን የሚቋጨው ወንድ ነው»። ለምን? ማስረጃው ምንድን ነው? ዝምታ። በ1888 ዓ.ም. የመቀሌን ምሽግ የያዘው የጣሊያን ጦር ውኃው ተይዞበት ምሽጉን ለቆ ወጣ፤ ምንጩ ይያዝ የሚለውን ሐሳብ ያፈለቁት እቴጌ ጣይቱ እንደነበሩ የታሪክ ጸሐፊዎች ይመሰክራሉ። የሴት ዕውቀት ነገሩን ቋጨው።

አባቶች «ነገር በምሳሌ፣ ጠጅ በብርሌ» ይላሉ። እኔም ብርሌው ይሰበር አልልም፤ በእፍኝ የተጠጣ ጠጅ ጠጅነቱ ምኑ ላይ ነው? ነገር ግን ብርሌ የሚሠራው ከመስታወት ነው፤ ወደ ብርሃን ላነሣው ሰው የያዘውን ያሳያል። ለልጆቻችን ከማቀበላችን በፊት አንሥተን እንየው።