ጃክ ፊስክ፦ ለካሜራ ቤት የሚሠራው ሰው

«ኢሬዘርሄድ» የተባለውን ፊልም ያየ ሰው በተሰበረ መስኮት አጠገብ ተቀምጦ የብረት ዘንጎች የሚጎትተውን፣ ቆዳው የቆሳሰለ ሰውዬ አይረሳውም። አንድ ቃል አይተነፍስም፤ የሚታየውም ለጥቂት ጊዜ ነው። ይህ ተዋናይ ጃክ ፊስክ ይባላል። በትወናው ብዙም አልገፋበትም፤ እንጀራው ሌላ ነው።

ፊስክ በ1945 እ.ኤ.አ. (ሌሎቹም ዓመቶች እንዲሁ ናቸው) በአሜሪካ፣ ኢሊኖይ ተወለደ። የ«ኢሬዘርሄድ» ዳይሬክተር ዴቪድ ሊንች የወጣትነት ጓደኛው ነበር፤ ፊላደልፊያ በሚገኘው የሥነ ጥበብ አካዳሚም አብረው ተምረዋል። ፊልሙ በገንዘብ እጦት ለዓመታት ሲንጓተት ፊስክና ባለቤቱ፣ ተዋናይት ሲሲ ስፔሴክ፣ ከኪሳቸው ደጉመውታል። በ1977 ለእይታ በቃ።

የፊስክ ዋና ሙያ «ፕሮዳክሽን ዲዛይነር» ይባላል። ተዋናዩ የሚገባበት ቤት፣ የሚቀመጥበት ወንበር፣ የግድግዳው ቀለም፣ የመንገዱ አቧራ ሳይቀር የዚህ ባለሙያ ኃላፊነት ነው።

ለፊልም የሚሠራ ቤት ብዙውን ጊዜ የፊት ገጽ ብቻ ነው። ከፊት ሲያዩት ያምራል፤ ዞር ብለው ከጀርባው ሲመለከቱት ግን በድጋፍ እንጨት የቆመ ጣውላ ነው። ፊስክ በዚህ አይስማማም። ዳይሬክተር ቴሬንስ ማሊክ «ዴይስ ኦቭ ሄቨን»ን በካናዳዋ አልበርታ ሲቀርጽ፣ ፊስክ በስንዴ ማሳ መሃል ውስጡም ውጭውም የተሟላ ቤት አቆመለት። እንዲህ ያለ ቤት ሲኖር ካሜራው ደጅ ላይ አይቀርም፤ ገብቶ፣ ዞሮ፣ በመስኮቱ አዝመራውን ማየት ይችላል። ፊልሙ በ1978 ወጣ፤ በቀረጻው ኦስካር አገኘ። ቤቱን የሠራው ሰው ግን ለዕጩነት እንኳ አልበቃም።

ፊስክ ግን አሠራሩን አልቀየረም። ለ«ዜር ዊል ቢ ብለድ» (2007) ቴክሳስ፣ ማርፋ አካባቢ የእንጨት የነዳጅ ጉድጓድ ማማ አቆመ። ፊልሙ ውስጥ በእሳት ሲጋይ የምናየው ይኸው ማማ ነው። ለ«ኪለርስ ኦቭ ዘ ፍላወር ሙን» (2023) ደግሞ የኦክላሆማዋን ፓሃስካ ከተማ ዋና ጎዳና ወደ 1920ዎቹ መለሰው። በእነዚህ ሁለት ሥራዎቹና በ«ዘ ሬቨናንት» (2015) ለኦስካር ታጭቷል።

ተመልካች ስለ ተዋናዩ ያወራል፤ ዳይሬክተሩን ያወድሳል። ቤቱን ማን እንደሠራው የሚጠይቅ ጥቂት ነው፤ ምክንያቱም ጥሩ ቤት የተሠራ ሳይሆን ድሮም እዚያ የነበረ ስለሚመስል ይመስለኛል። እንግዲህ ቀጣዩን ፊልም ሲጨርሱ ቸኩለው አይነሱ፤ የስም ዝርዝሩ እስኪያልፍ ይታገሡ።