ዋስ ያጣ ሰው

በቀደመው ዘመን በአገራችን ከሳሽና ተከሳሽ ዳኛ ፊት እስኪቀርቡ ድረስ በአንድ ሰንሰለት ይታሰሩ ነበር። ይህም ቁራኛ ይባል ነበር። ተከሳሹ ዋስ ጠርቶ ካላቀረበ በቀር ከከሳሹ ጋር አብሮ ይበላል፤ አብሮ ይተኛል፤ አብሮም ይጓዛል። ነገሩ ለዛሬ ሰው የሚያስቅ ይመስላል፤ እኛ ግን አንድ ጥበብ ነበረበት እንላለን። ፍርዱ በዘገየ ቍጥር ከሳሹም አብሮ ስለሚንገላታ ነገሩ ቶሎ እንዲቈረጥ ሁለቱም ይሹ ነበር። ዛሬ ሰንሰለቱ ከአንደኛው እጅ ወልቋል፤ የሚጠብቀው የታሰረው ብቻ ነው።

አንባብያን ሆይ፥ ከወላይታ ሶዶ ወደ አርባ ምንጭ በሚወስደው መንገድ ላይ የምትገኘውን የሁምቦ ወረዳ ከተማ ተበላን አስቡ። በዙሪያዋ ካሉት ቀበሌዎች በአንዱ የሚኖር አባወራ በድንበር ጠብ ምክንያት በበቆሎ መዝሪያ ወራት ተያዘ እንበል። ባለቤቱ ስንቅ ቋጥራ ትመላለሳለች። ስትጠይቅም «ቀጠሮ ተሰጥቶበታል» ይሏታል። ስለ ምን እንደ ተቀጠረ፥ እስከ መቼም እንደ ሆነ አታውቅም። ዝናቡ ግን ቀጠሮ አይጠብቅም።

በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 19 እንደሚለው፥ የተያዘ ሰው ለጕዞ የሚያስፈልገው ጊዜ ሳይቈጠር በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት፤ በዋስ የመፈታትም መብት አለው። ፍርድ ቤት ዋስትናን የሚከለክለው በሕግ በተደነገጉ ልዩ ሁኔታዎች ነው። አንቀጽ 20 ደግሞ በአጭር ጊዜ ውስጥ የመሰማትን መብት ይሰጠዋል። አስቀድሞ በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ፖሊስ ምርመራውን እንዲጨርስ የሚሰጠው እያንዳንዱ ቀጠሮ ከ14 ቀን እንዳይበልጥ ወሰነ፤ ስንት ጊዜ ሊደጋገም እንደሚችል ግን አልወሰነም። ችግሩ የገባው በዚህች ቀዳዳ ነው። አሥራ አራት ቀን በአሥራ አራት ቀን ላይ ሲደመር ወራት ይሆናል።

ዋስትና በምን ምክንያት እንደሚከለከልም ይኸው ሕግ ዘርዝሮታል፤ ይኸውም ሰውየው በቀጠሮው ላይ የማይቀርብ፥ ሌላ ወንጀል የሚሠራ፥ ወይም ምስክር የሚያባብል ማስረጃም የሚያጠፋ መሆኑ ሲያሠጋ ነው። ከእነዚህ ውስጥ ድሀ መሆን የለበትም።

ሕጉ ራሱ የሚለወጥበት ጊዜም ነበር። በ1993 ዓ.ም. የቀድሞው የመከላከያ ሚኒስትር አቶ ስዬ አብርሃ በሙስና ተጠርጥረው ሲታሰሩ፥ ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ በዋስ እንዲወጡ አዘዙ። ነገር ግን ከፍርድ ቤቱ እንደ ወጡ እንደገና ተያዙ። ብዙም ሳይቈይ በሙስና የተጠረጠረ ሰው ዋስትና እንዳያገኝ የሚከለክል አዋጅ ወጣ። አቶ ስዬ ከእስር የወጡት በ1999 ዓ.ም. ነበር፤ ስድስት ዓመት ያህል መሆኑ ነው። በአንጻሩ በነሐሴ 2012 ዓ.ም. የክልልነት ጥያቄ በተነሣበት ጊዜ በሶዶ የተያዙት የወላይታ ዞን ሹማምንት ከጥቂት ቀናት በኋላ በዋስ ወጥተዋል። የእነዚህን ነገር አገር ሁሉ ሰምቶታል። የተበላውን ገበሬ ግን የሚያስታውሰው ቤተ ሰቡ ነው።

ለእርሱ የሚያስፈልገው ዋስ ነው፤ ዋስ ግን በቀላሉ አይገኝም። ጎረቤት መፈረምን ይፈራል፤ የተጠርጣሪው በደል በእርሱ ላይ የሚተላለፍ ይመስለዋል። ይህ ስሕተት ነው። ዋስ የሚጠየቀው ሰውየው በቀጠሮው ቀን ሳይቀርብ ሲቀር ነው፤ የሚከፍለውም የፈረመበትን ገንዘብ ነው። በተሰሎንቄ ኢያሶንና ባልንጀሮቹ የተለቀቁት ዋስ በማቅረብ እንደ ነበር የሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 17 ይነግረናል። ቅዱስ ጳውሎስ ግን በቂሣርያ ሁለት ዓመት ታስሮ ቈየ፤ አገረ ገዢው ፊልክስ ገንዘብ ይሰጠኛል ብሎ ተስፋ ያደርግ ነበርና። የዚያ ዓይነት ተስፋ ያለው ሹም ዛሬ ጨርሶ የለም ለማለት አንደፍርም።

በተበላ ያለችው ሴት ስንቁን ካቀበለች በኋላ ሦስት ነገር ትጠይቅ፤ ባልዋ ፍርድ ቤት የቀረበበትን ቀን፥ የተሰጠውን የቀጠሮ ብዛት፥ ዋስትናም ተከልክሎ እንደ ሆነ ምክንያቱን። የ1954ቱ ሕግ ዋስትና ለተከለከለ ሰው ለበላይ ፍርድ ቤት በጽሑፍ እንዲያመለክት የሰጠው ጊዜ 20 ቀን ነው። ማንበብ የማትችል ከሆነ የሰፈሩ ተማሪ ይጻፍላት፤ ሃያው ቀን ሳያልፍ።