ምጥ የሚቆጥረው አፕ የማያውቀው ነገር

አዋላጅ ነርስ ነኝ። ብዙ እናቶች ምጥ የሚቆጥር አፕ ስልካቸው ላይ ጭነው ይመጣሉ። ጥሩ ነው፤ ግን አፑ የሚያውቀው ሰዓቱን ብቻ ነው። ምጡ ምን ያህል እንደበረታ፣ ስንተኛ ልጅሽ እንደሆነ፣ ቤትሽ ከጤና ተቋም ምን ያህል እንደሚርቅ አያውቅም።

ስለዚህ፦

✔ ቆጠራውን ለባልሽ፣ ለእናትሽ ወይም ለእህትሽ ተዪው። አንቺ «ጀመረኝ»፣ «ለቀቀኝ» ብቻ በይ።
✔ ልዩነቱ የሚለካው ከአንዱ ምጥ መጀመሪያ እስከ ቀጣዩ መጀመሪያ ነው።
✔ ስልኩ ከተዘጋ የእጅ ሰዓትና ወረቀት ይበቃል።
✔ ምጡ ሲመጣ ማውራት ካቃተሽ፣ አፑ «ገና ነው» ቢልም ራስሽን እመኚ።

ለመጀመሪያ ልጅ ወደ ጤና ተቋም ለመሄድ የተለመደው መለኪያ በየ5 ደቂቃው የሚመጣና 1 ደቂቃ ያህል የሚቆይ ምጥ ለ1 ሰዓት ሲቀጥል ነው። ከዚህ በፊት ወልደሽ ከሆነ ወይም መንገዱ ሩቅ ከሆነ ግን ቀደም ብለሽ ተነሺ።

ደም ከፈሰሰሽ፣ የእንሽርት ውሃ ከፈሰሰ፣ የልጁ እንቅስቃሴ ከቀነሰ፣ ከባድ ራስ ምታት ወይም የዓይን ብዥታ ካለሽ፣ ወይም ምጡ ከ37 ሳምንት በፊት ከጀመረ ቆጠራውን ተዪውና ወዲያውኑ ወደ ጤና ተቋም ሂጂ። እባክሽ፣ አፑ እስኪፈቅድልሽ አትጠብቂ።