ኤሚሊዮ ጊዮኔ፦ የዛ ላ ሞር ፈጣሪና ተዋናይ

ድምፅ አልባ ፊልም የሚባለው የተዋናዮች ንግግር ከምስሉ ጋር ሳይቀዳ ይሠራ የነበረው ፊልም ሲሆን፣ ታሪኩ የሚተላለፈውም በፊት ገጽታ፣ በአካል እንቅስቃሴና በየትዕይንቱ መካከል በሚነበቡ አጫጭር ጽሑፎች ነበር። እ.ኤ.አ. በ1910ዎቹ በዚህ ጥበብ ከቀደሙት አገሮች አንዷ በነበረችው በጣሊያን፣ አዘጋጅነትን፣ ማለትም የፊልሙን ሥራ የመምራትን ኃላፊነት፣ ከመሪ ተዋናይነት ጋር አጣምሮ በመያዝ አንድን ገጸ ባሕርይ ለዐሥር ዓመታት ያህል በተመልካች ዘንድ ያኖረ ሰው ኤሚሊዮ ጊዮኔ ነው።

ጊዮኔ በ1879 በቱሪን ተወለደ፤ የፊልም ሥራንም በዚያችው ከተማ በጥቃቅን ሚናዎች ጀምሮ ወደ ሮም ከተዛወረ በኋላ፣ ቼሊዮ ፊልም በተባለው ድርጅት ከአዘጋጁ ባልዳሳሬ ኔግሮኒና ከዝነኛዋ ተዋናይት ከፍራንቼስካ በርቲኒ ጋር ሠራ። በርቲኒ የወንድ ልብስ ለብሳ ፒየሮን በተጫወተችበት በ1914ቱ “የፒየሮ ታሪክ” ውስጥ የፖሺኔን ሚና የያዘው እሱ ነበር።

በዚያው ዓመት ራሱ ባዘጋጀው “ኔሊ ላ ጂጎሌት” በተሰኘው ፊልም ላይ እሱው የሚጫወተው ዛ ላ ሞር የተባለ ገጸ ባሕርይ ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ። ዛ ላ ሞር “አፓሽ” ነው፤ አፓሽ ይባሉ የነበሩትም በ20ኛው ክፍለ ዘመን መባቻ በፓሪስ በቡድን እየተደራጁ ይዘርፉ የነበሩ ወሮበሎች ናቸው። ይህ ሰው በአንዱ ፊልም ጨካኝ ወንጀለኛ፣ በሌላው ደግሞ ለተበደለ ደራሽ ሆኖ የሚቀርብ በመሆኑ ታሪኮቹ እርስ በርሳቸው ባይጣጣሙም፣ ተመልካቹን አስሮ የያዘው የጊዮኔ ፊት ስለነበረ ጉድለቱ ብዙም አልጎዳውም። ጉንጮቹ ወደ ውስጥ የገቡ፣ የፊቱ አጥንት ያገጠጠ፣ ዓይኖቹ የጎደጎዱ ነበሩ፤ በመሆኑም ሌላው ተዋናይ እጁን እያወናጨፈ የሚገልጸውን ሥጋት እሱ ዝም ብሎ በመመልከት ብቻ ያስተላልፈው ነበር። የዛ ላ ሞርን አጋር ዛ ላ ቪን የተጫወተችው ካሊ ሳምቡቺኒ ናት።

ከሥራዎቹ ሁሉ ላቅ ብሎ የሚታየው የ1918ቱ “ግራጫ አይጦች” ነው። ይህ ሥራ ተከታታይ ፊልም ነው፤ ይኸውም አንድ ረጅም ታሪክ ለየብቻቸው በሚታዩ ክፍሎች፣ በዚህ ፊልም በስምንት ክፍሎች፣ ተከፋፍሎ የሚቀርብበት ዓይነት ነው። ዛ ላ ሞር በፊልሙ ስያሜ ከሚጠራው የወንበዴዎች ቡድን ጋር ሲፋለም፣ ካሜራው ከስቱዲዮ ወጥቶ የሮምን ዳርቻና ገጠሩን ስለሚከተል፣ ፊልሙ ከልብ ወለዱ ባሻገር የዘመኑን የከተማ ዳር ገጽታ አስቀርቷል።

ይሁን እንጂ የአገሪቱን ዋና ዋና የፊልም ድርጅቶች ያጣመረው በ1919 የተቋቋመ ኅብረት ብዙም ሳይቆይ ሲዳከምና የአሜሪካ ፊልሞች ገበያውን ሲይዙ የጊዮኔም ሥራ አብሮ ቀነሰ፤ በ1924 ዛ ላ ሞርን ወደ ጀርመን ወስዶ ከተዋናይት ፈርን አንድራ ጋር ቢሠራም የቀድሞውን ስኬት መመለስ አልቻለም። በመጨረሻዎቹ ዓመታት የሕይወት ታሪኩንና የጣሊያን ሲኒማን አነሣስና አወዳደቅ የሚመለከት ጽሑፍ ጽፎ፣ በጥር 1930 በ50 ዓመቱ በሮም ዐረፈ። የዘመኑን የጣሊያን ሲኒማ “ካቢሪያ” በተሰኘው ፊልም ታላላቅ ግንቦችና ሠራዊት ብቻ የሚያውቅ ሰው ግማሹን ብቻ ነው የሚያውቀው፤ ቀሪውን ግማሽ “ግራጫ አይጦች” ውስጥ ያገኘዋል።