ዐሥራ ዘጠኙ መስመሮች

ጊዜን የሚያዝዙ፣ ቀንን ወደፊትና ወደኋላ የሚገፉ ጠቢባን ማኅበር በተረት ብዙ ጊዜ ተጽፏል። ዋግ ኽምራ ውስጥ ግን ለዚህ ተረት አያስፈልግም። መስከረም 1 ቀን በሰቆጣ ወይም በዝቋላዋ ጽጽቃ ቤተ ክርስቲያን ያስቀደሰ ሰው፣ አንድ መሪጌታ ቆመው የዓመቱን ባሕረ ሐሳብ ሲያውጁ ይሰማል። ለ2018 ዓ.ም. የሚታወጀው ይህ ነው፦ ዘመኑ ዘመነ ማርቆስ፣ አበቅቴ 12፣ መጥቅዕ 18፣ ጾመ ነነዌ ጥር 25፣ ትንሣኤ ሚያዝያ 4። በኽምጣኛ አፉን የፈታ ገበሬ ግዕዙን ባይተረጉመውም ሠርግ የሚደግስበትን፣ ለፋሲካ ያሰበውን ፍየል ለገበያ የሚያወጣበትን ጊዜ በዚህ አዋጅ ይቆርጣል። ደብተራን ከአስማት ጋር የሚያያይዘው ወሬ አገር ያወቀው ነው። እኔን የሚገርመኝ ግን አስማቱ ሳይሆን ሒሳቡ ነው። የዚህን ሒሳብ ዕድሜ ለዓለም የገለጠው ሰው ደግሞ ከሩቅ የመጣ ነው።

ኦቶ ኖይገባወር በ1899 እ.ኤ.አ. ኦስትሪያ፣ ኢንስብሩክ ተወለዱ። ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ጀርመንን ለቀው መጀመሪያ ኮፐንሃገን፣ በኋላም አሜሪካ፣ ብራውን ዩኒቨርሲቲ ገቡ። ስማቸው የገነነው የባቢሎንን ሒሳብና ሥነ ፈለክ ከሸክላ ጽላት አንብበው በማስረዳታቸው ነው። በኋለኛው ዕድሜያቸው ፊታቸውን ወደ ግዕዝ ብራና መለሱ።

ብራናዎቹ ላይ ያገኙት ጽሑፍ ብቻ አልነበረም። በግዕዝ ቁጥር የተሞሉ ሰንጠረዦችም ነበሩ፤ ዐሥራ ዘጠኝ መስመር ወደ ታች፣ ከዚያ እንደገና ከመጀመሪያው። ለቅዳሴም ለስብከትም የማይሆን የቁጥር ሰልፍ ነውና ብዙ አንባቢ ገጹን ገልብጦ ያልፈዋል። የጽላት ቁጥር ሲፈቱ ለኖሩት ለኖይገባወር ግን ከዚህ የሚጥም ነገር አልነበረም።

አንዱ ዓምድ በየዓመቱ 11 ይጨምራል፤ 30 ሲሞላ 30 ይጣላል። ጎረቤቱ በ19 ያድጋል፤ እሱም እንዲሁ 30 ይጥላል። ሁለቱን ደምሩ፤ ሁልጊዜ 30 ነው። የኛ ሊቃውንት ምክንያቱን በትውፊት ይነግሩናል። የእስክንድርያው ሊቀ ጳጳስ ድሜጥሮስ ከሌሊቱ 23፣ ከቀኑ 7 ሱባዔ ያዘ። 23 በ7 ሲባዛ 161 ይሆናል፤ በ30 ሲገደፍ 11 ይተርፋል፦ አበቅቴ። 7 በ7 ሲባዛ 49 ነው፤ 30 ሲገደፍ 19 ይቀራል፦ መጥቅዕ። ተማሪ ይህን በቃሉ ይዞ ያድጋል። የሰማዩ ምክንያት ደግሞ ጨረቃ ናት፦ ዐሥራ ሁለት ወሯን ስትጨርስ ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ያህል ታጥራለች፤ በ19 ዓመት ግን ሁለቱ ተመልሰው ይገናኛሉ።

እስከዚህ ድረስ ለኖይገባወር የታወቀ መንገድ ነበር። ያስቆማቸው የሰንጠረዡ ቀሪ ክፍል ነው። መጥቅዕ የመለከት በዓል፣ ማለትም የአይሁድ አዲስ ዓመት ነው። ከእሱ ቀጥሎ የስርየት ቀን፣ የዳስ በዓልና የአይሁድ ፋሲካ በየዓመቱ ተሰልተው ተቀምጠዋል። ክርስቲያን ካህን ፋሲካውን ለማወቅ የአይሁድን ዘመን መለወጫ ስለ ምን ያስቀድማል?

መልሱን በ1979 እ.ኤ.አ. ቪየና ላይ ባሳተሙት የኢትዮጵያ ሥነ ፈለክና የዘመን አቆጣጠር መጽሐፋቸው ገለጡት። የእስክንድርያ ክርስቲያኖች የፋሲካ ቀመራቸውን ከባዶ አልፈጠሩም። በከተማቸው የነበረውን የአይሁድ የ19 ዓመት አቆጣጠር ወስደው ከራሳቸው የፀሐይ ዓመትና ከሰባቱ ዕለታት ጋር አዋደዱት። የዚያ የ4ኛው ክፍለ ዘመን አቆጣጠር ማስረጃ በሌላ ቦታ ሲመናመን፣ የግዕዝ ሰንጠረዦች መስመር ሳያጎድሉ ይዘውት ቆዩ። ከእስክንድርያ ወደ አክሱም የሚወስደው ድልድይም አይጠፋም፤ የአክሱም የመጀመሪያ ጳጳስ የሆኑትን አባ ሰላማን በዚያው ክፍለ ዘመን የሾማቸው የእስክንድርያው አትናቴዎስ ነው።

መሪጌታው የሚያውጁትን ቁጥር አሁን አብረን እንፈትሽ። ከክርስቶስ ልደት በፊት የሚቆጠረውን 5500 ዓመት ከ2018 ጋር ስንደምር ዓመተ ዓለሙ 7518 ይሆናል። በ19 ስንገድፈው 13 ይተርፋል። አንዱን ለዘመኑ ትተን 12 ወንበር እናገኛለን። 12 በ11 ሲባዛ 132 ነው፤ በ30 ሲገደፍ አበቅቴ 12 ይወጣል። 12 በ19 ሲባዛ 228 ነው፤ በ30 ሲገደፍ መጥቅዕ 18 ይሆናል። መጥቅዕ ከ14 ከበለጠ በመስከረም ይውላል፤ መስከረም 18 ደግሞ እሑድ ነው። የእሑድ ተውሳክ፣ ማለትም ለዕለቱ የሚጨመረው ቁጥር፣ 7 ነውና ከመጥቅዑ 18 ጋር ተደምሮ መባጃ ሐመር 25 ይመጣል። ስለዚህ ነነዌ ጥር 25 ትገባለች፤ ከእሷ 69 ቀን ቆጥረን ትንሣኤን ሚያዝያ 4 ላይ እናገኘዋለን። ነነዌ ከጥር 17 አትቀድምም፣ ከየካቲት 21 አታልፍም፤ በዚህ ወሰን ውስጥ ግን ጾሙም በዓሉም እሷን ተከትሎ ይወጣል፣ ይወርዳል።

ይህን ሁሉ ያለ ወረቀት የሚሠሩ መምህራን አሉን። ኖይገባወር ቢደነቁ የተገባ ነው፤ እኛ ግን ከመደነቅ የበለጠ ዕዳ አለብን። ብራናው በቪየናም በፓሪስም ይቀመጣል፤ ቀመሩ በቃል የሚኖረው ግን ተማሪ ከመምህሩ እግር ሥር እስከ ተቀመጠ ድረስ ብቻ ነው። ጌታቸው ኃይሌ ባሕረ ሐሳብን ለአማርኛ አንባቢ በመጽሐፍ ማቅረባቸው ትልቅ ውለታ ነው። ለዋግ የቆሎ ተማሪዎች የሚደረገው እገዛም ከዚያ ያነሰ ቦታ ሊሰጠው አይገባም።

የ19 ዓመቱ ንዑስ ቀመር ከ28 ዓመቱ የፀሐይ ዑደት ጋር ተባዝቶ 532 ዓመት የሆነውን ዐቢይ ቀመር ይሰጣል። በዚህ ጊዜ ዕለቱም ጨረቃውም ወንጌላዊውም ወደ ቦታው ይመለሳል። ከ2018 ላይ 532 ብንቀንስ 1486 ዓ.ም. ላይ እንደርሳለን፤ ዐፄ እስክንድር ያረፉበት ዓመት ነው። ያኔም ዘመነ ማርቆስ ነበር፣ መጥቅዑም 18፣ ትንሣኤም ሚያዝያ 4።