በዕድሜ ለገፉ ባለቤቶችና ለወታደሮች ስለሚደረግ የቤት ግብር ቅናሽ

(ከሬዲዮ ንግግር)



ቤት የገዛ ሰው ዕዳውን ከፍሎ በጨረሰ ጊዜ ዕረፍት ያገኘ ይመስለዋል። ነገር ግን የቤት ግብር ከባለቤቱ ጋር ጡረታ አይወጣም። የሰፈሩ ዋጋ ከፍ ባለ ቁጥር ግብሩም ከፍ ይላል፤ የሽማግሌው ጡረታ ግን በዚያው መጠን አያድግም። ስለዚህ አንድ አረጋዊ ዕድሜ ልኩን ደክሞ ያገኘውን ቤት በግብር ምክንያት ሊያጣው ይችላል። ይህን ለማስቀረት ምን ዓይነት ሕግ እንደ ወጣ ለመረዳት በአሜሪካ የምትገኘውን የቴክሳስን ክፍለ ግዛት ምሳሌ አድርገን እንመልከት። በዳላስና በሂውስተን ከተሞች ብዙ ኢትዮጵያውያን ስለሚኖሩ ነገሩ ከእኛም የራቀ አይደለም።

ቴክሳስ በሰው የግል ገቢ ላይ ግብር አትጥልም። በዚህም ምክንያት የትምህርት ቤቶችና የከተሞች ወጪ ትልቁ ክፍል የሚሸፈነው ከቤትና ከመሬት በሚሰበሰበው ግብር ነው። ለአረጋውያን የተሰጠውም እርዳታ በሦስት ይከፈላል።

አንደኛው ከቤቱ ግምት ላይ መቀነስ ነው። ሕዝቡ እ.ኤ.አ. በ2025 በሰጠው ድምፅ መሠረት፥ ለትምህርት ቤት ግብር ሲታሰብ፥ በገዛ ቤቱ የሚኖር ሰው ከግምቱ 140,000 ዶላር ይነሣለታል፤ 65 ዓመት ለሞላው ደግሞ 60,000 ዶላር ይጨመርለታል። ለምሳሌ ቤቱ 300,000 ዶላር ቢገመትና ግብሩ ከመቶ ዶላር 1 ዶላር ቢሆን፥ ያለ ቅናሽ 3,000 ዶላር ይከፈል ነበር። በቅናሹ ግን ሽማግሌው የሚከፍለው 1,000 ዶላር ብቻ ይሆናል።

ሁለተኛው ወሰን ነው። ባለቤቱ 65 ዓመት ሞልቶት መብቱን ባገኘበት ዓመት የተወሰነው የትምህርት ቤት ግብር ከዚያ ወዲያ ከፍ አይልም። ሆኖም አዲስ ክፍል የጨመረ እንደሆነ ወሰኑ ሊነሣ ይችላል፤ ለተራ ጥገና ግን አይነሣም።

ሦስተኛው ክፍያውን ማዘግየት ነው። ይህ ምሕረት አለመሆኑን ልብ ይሏል። ባለቤቱ በቤቱ እስከኖረ ድረስ ለግብሩ ሲባል ቤቱ አይሸጥበትም፤ ዕዳው ግን በዓመት 5 በመቶ ወለድ እየታሰበበት ይከማቻል፥ ኋላም ከወራሾች ይጠየቃል። ስለዚህ ከልጆች ጋር ሳይመካከሩ ሊጀምሩት የሚገባ ነገር አይደለም።

ወታደርም አልተረሳም። በአገልግሎት ላይ በደረሰበት ጉዳት ምክንያት የአካሉ ጉዳት 100 በመቶ ነው ተብሎ የተወሰነለት የቀድሞ ወታደር፥ እ.ኤ.አ. ከ2009 ጀምሮ ከሚኖርበት ቤት ግብር ፈጽሞ ነፃ ነው። ጉዳቱ ከዚያ ያነሰ ቢሆን፥ እንደ መጠኑ ከ5,000 እስከ 12,000 ዶላር ከግምቱ ይቀነስለታል። በግዳጅ ላይ ሳለ የሞተ ወታደር ሚስትም ሌላ ባል እስካላገባች ድረስ ከመኖሪያ ቤቷ ግብር ነፃ ናት። ለግዳጅ ከቤቱ የራቀ ወታደር ደግሞ፥ ሊመለስ አስቦ ሌላ መኖሪያ እስካልያዘ ድረስ፥ የባለቤትነት ቅናሹን አያጣም።

እንግዲህ ዋናው ቁም ነገር ይህ ነው። መብቱ በሕግ ቢጻፍም ሰውን ፈልጎ ደጃፍ አያንኳኳም። የባለቤቱ ዕድሜ በመዝገብ ሰፍሮ እንደሆነ የካውንቲው ገማች መሥሪያ ቤት ራሱ ሊያስብለት ይችል ይሆናል፤ ወታደሩ ግን የጉዳቱን ማስረጃ ይዞ ማመልከት፥ ክፍያውን ለማዘግየት የፈለገም በመሐላ የተረጋገጠ ጽሑፍ ማቅረብ አለበት። የማመልከቻው ጊዜ በጠቅላላው ከሜይ 1 ቀን በፊት ነው፤ ለማመልከትም ገንዘብ አይከፈልም።

አባቶቻችን «ካልተናገሩ ደጃዝማችነት ይቀራል» ይላሉ። እናንተም በዚያ አገር አረጋዊ አባት ወይም እናት ያላችሁ ልጆች፥ የግብሩ ወረቀት በመጣ ጊዜ አብራችኋቸው ተቀምጣችሁ አንብቡላቸው። ቅናሹ ተጽፎ ካላገኛችሁት ጠይቁ። አንዲት ማመልከቻ የአንድን ሽማግሌ ቤት ልታድን ትችላለችና።