የጨቅላ ሕፃናት አፍንጫ መቆጣት፦ መንስኤውና ሕክምናው

 

አራስ ቤት ውስጥ እናቶችን ሌሊት ከሚያስነሡ ነገሮች አንዱ የሕፃኑ አፍንጫ መታፈን ነው። ልጁ ያንኮራፋል፣ ያስነጥሳል፣ ጡት ይይዝና መልሶ ይለቃል፣ ያለቅሳል። በሽሮ ሜዳና ከእንጦጦ ሥር ባሉት ሰፈሮች ይህ ችግር ቢበረታ አይገርምም። አካባቢው ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ስለሚገኝ ሌሊቱ ይበርዳል፤ በበጋ ደግሞ አየሩ ደረቅ ነው። ብርዱን ለመከላከል ቤቱ ይዘጋል፣ ከሰል ይቀጣጠላል፤ ጭሱም የሕፃኑን አፍንጫ ያስቆጣል።

የሕፃን አፍንጫ ከአዋቂ በምን ይለያል?

አዋቂ ሰው አፍንጫው ቢደፈን በአፉ ይተነፍሳል። ጨቅላ ሕፃን ግን በመጀመሪያዎቹ ወራት በአብዛኛው የሚተነፍሰው በአፍንጫው ነው። የአፍንጫው ቀዳዳ እጅግ ጠባብ በመሆኑ የውስጡ ስስ ሽፋን ትንሽ ሲያብጥ እንኳ አየር ማለፍ ይቸግረዋል። ጡት ሲጠባ ደግሞ አፉ ስለሚያዝ ያለው መንገድ አፍንጫው ብቻ ነው። ስለዚህ በአዋቂ ላይ ቀላል የሚባለው ነገር በሕፃኑ ላይ የመጥባትና የመተንፈስ ጉዳይ ይሆናል።

መንስኤዎቹ

1. የአፍንጫ ድርቀት፦ በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ትኩሳትም ሆነ ሳል ሳይኖር አፍንጫው ድምፅ ቢያሰማ፣ ሕፃኑም ደህና ከጠባና ከተኛ፣ ብዙ ጊዜ ምክንያቱ የአፍንጫው ጥበትና የደረቀ ንፍጥ ነው። ማስነጠሱም አፍንጫውን የሚያጸዳበት መንገድ ነው እንጂ ሁልጊዜ ጉንፋን አይደለም።

2. ቫይረስ፦ ጉንፋን ከያዘው ሰው በእጅ፣ በመሳምና በሳል ይተላለፋል።

3. ጭስና ብናኝ፦ የከሰልና የእንጨት ጭስ፣ ሉባንጃ፣ ዑድ፣ ሽቶና የሲጋራ ጭስ አፍንጫውን ያስቆጣሉ። ሽሮ ሜዳ የሸማኔ ሰፈር እንደመሆኑ ሽመናው መኖሪያ ክፍል ውስጥ ከሆነ የጥጥ ብናኙም ይጨመራል።

4. ወተት ወደ አፍንጫ መመለስ፦ ሕፃኑ ሲያስመልሰው ወተቱ በአፍንጫው ወጥቶ ውስጡን ያስቆጣዋል።

5. አልፎ አልፎ የሚከሰቱ ከባድ ምክንያቶች፦ አንዳንድ ሕፃን የአፍንጫው የኋላ መተላለፊያ ተዘግቶ ይወለዳል። ሁለቱም በኩል ከተዘጋ ዝም ሲል ወይም ሊጠባ ሲል ይጠቁራል፤ ሲያለቅስ በአፉ ስለሚተነፍስ መልኩ ይመለሳል። ከእናት የተላለፈ ቂጥኝም ደም የቀላቀለ ወፍራም ንፍጥ ያመጣል። በእርግዝና ክትትል ጊዜ የደም ምርመራ የሚደረገው ይህን ጭምር ለመከላከል ነው።

ብዙ ወላጆች «አለርጂ ነው» ይላሉ። ይሁንና የአፍንጫ አለርጂ ሕፃኑ ከፍ ካለ በኋላ የሚመጣ እንጂ በአራስነት የተለመደ አይደለም።

ሕክምናው

ዋናው መድኃኒት ቀላል ነው፤ ጨዋማ ውኃ። ለአፍንጫ የተዘጋጀው ከፋርማሲ ይገኛል። እሱ ከታጣ ፈልቶ በቀዘቀዘ ሩብ ሊትር ውኃ ውስጥ ግማሽ የሻይ ማንኪያ የማይሞላ ጨው ማሟሟት ይቻላል። በንጹሕ ዕቃ ይቀመጥ፤ በየቀኑም አዲስ ይዘጋጅ።

ሕፃኑን በጀርባው አስተኝቶ ከመጥባቱ በፊት በእያንዳንዱ ቀዳዳ አንድ ወይም ሁለት ጠብታ ማድረግ፣ ጥቂት መጠበቅ፣ የወጣውንም በለስላሳ ንጹሕ ጨርቅ መጥረግ ነው። የንፍጥ መምጠጫ ጎማ ካለ ቀስ ተብሎ በቀን ከሁለት ወይም ከሦስት ጊዜ ባልበለጠ ይጠቀሙበት፤ መደጋገሙ ራሱ አፍንጫውን ያሳብጣል። የጆሮ መጥረጊያ እንጨት ወደ ውስጥ አይግባ።

ጡት በትንሽ በትንሹ ቶሎ ቶሎ ይሰጠው። እስከ ስድስት ወር ከእናት ጡት ሌላ ውኃም ሆነ የአብሽ ውኃ አያስፈልገውም። ሙቀት ለመስጠት የእናት ገላ ከከሰል ይሻላል። በተዘጋ ቤት የሚቀጣጠል ከሰል አፍንጫ ከማስቆጣት አልፎ በሚተፋው መርዘኛ ጋዝ ይገድላል። ፊቱንም በነጠላ ወይም በብርድ ልብስ አትሸፍኑት።

የማይደረጉ ነገሮች

• ለአዋቂ የተሠራ አፍንጫ ከፋች ጠብታ በጨቅላ ላይ የልብና የአተነፋፈስ ችግር ሊያስከትል ይችላል።
• ቪክስና የመሳሰሉት ቅባቶች እንዲሁም የባሕር ዛፍ ቅጠል እንፋሎት የሕፃኑን ትንፋሽ ያውካሉ፤ እንፋሎቱም ያቃጥላል።
• ቅቤ፣ የዳማከሴ ጭማቂ ወይም ማንኛውም ዘይት በአፍንጫው አይንጠብ። ጥቁር አዝሙድ በሙስሊሙ ዘንድ የታወቀና የተከበረ ቢሆንም ዘይቱ በጨቅላ አፍንጫ ገብቶ ሳንባ ከደረሰ የሳንባ ምች ያመጣል።
• ማር አንድ ዓመት ላልሞላው ሕፃን አይሰጥም።
• ፀረ ተሕዋስ (አንቲባዮቲክ) ቫይረስን አይገድልም፤ ያለ ሐኪም ትእዛዝ አይገዛ።
• እንጥል ማስቆረጥ የአፍንጫን መታፈን አያድንም፤ ደም መፍሰስንና መመረዝን ያስከትላል።

ለጠያቂዎች

አራስ መጠየቅ መልካም ነው፤ ጉንፋን የያዘው ሰው ግን እስኪሻለው ቢቆይ ለሕፃኑ ይበጃል። ጤነኛውም እጁን በሳሙና ሳይታጠብ ሕፃኑን አይንካ፣ ፊቱንም አይሳም። ለሕፃኑ ተሕኒክ የሚያደርግለት ሰው ከሳለ ወይም ንፍጥ ካለው ለሌላ ጤነኛ ሰው ይተው፤ በምራቅ በሽታ ይተላለፋልና። በዐቂቃ ዕለትም ሰው በሚበዛበትና ሉባንጃ በሚጨስበት ክፍል ሳይሆን እናትና ልጅ ለብቻቸው አየር ባለው ክፍል ይቆዩ።

ፈጥኖ ወደ ሐኪም የሚያስኬዱ ምልክቶች

• ጡት መጥባት እምቢ ማለት ወይም በጣም መቀነስ
• በአንድ ደቂቃ 60 ጊዜና ከዚያ በላይ መተንፈስ (ረጋ ባለበት ጊዜ ሙሉ ደቂቃ ይቆጠር)
• ሲተነፍስ ደረቱ ወደ ውስጥ መሰርጎድ ወይም ማቃሰት
• ከንፈሩ ወይም ምላሱ መጥቆር
• የሰውነቱ ሙቀት 37.5 ዲግሪና ከዚያ በላይ፣ ወይም ከ35.5 በታች መሆን
• መፍዘዝ ወይም መንቀጥቀጥ
• ደም የቀላቀለ ወይም ከአንድ ቀዳዳ ብቻ ዘወትር የሚወጣ ፈሳሽ

ከእነዚህ አንዱ ከታየ «እስኪነጋ» ወይም «ምች ነው፣ ይለቀዋል» አይባልም። እ.ኤ.አ. በ2019 በአገራችን የተደረገው የሕዝብና ጤና ጥናት በሕይወት ከሚወለዱ 1,000 ሕፃናት 33ቱ አንድ ወር ሳይሞላቸው እንደሚሞቱ አሳይቷል። የጨቅላ በሽታ ፈጣን ነው፤ ጠዋት ጉንፋን የመሰለው ማታ የሳንባ ምች ሊሆን ይችላል። የሽሮ ሜዳ ነዋሪ የሰፈሩ ጤና ጣቢያ አለው፤ ስድስት ኪሎ ያለው የካቲት 12 ሆስፒታልና የጉለሌው ቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታልም ሩቅ አይደሉም። አባት ሥራ ላይ ቢሆን እንኳ እናት ወይም አያት ፈቃድ ሳትጠብቅ ሕፃኑን ይዛ እንድትሄድ ቤተሰቡ አስቀድሞ ይነጋገር፤ ለመጓጓዣ የሚሆን ገንዘብም ይቀመጥ።

አላህ ልጆቻችንን በጤና ያሳድግልን።